ከመርፌ እስከ ካንዴላ፤ የእቴቴ የሕይወት ጉዞ

ትንሽ ትልቁ «እቴቴ» እያለ የሚጠራቸው ውድ እናታችንና እህታችን፣ ከልብስ ሰፊው አባታቸውና ከአዋላጇ እናታቸው በ1943 ዓ.ም. በሰኔ ወር፣ ዶፍ ዝናብ ቆርቆሮውን ሲደበድብ፣ ከልብስ መስፊያው ቤት ጀርባ ባለች ጠባብ ክፍል ውስጥ ተወለዱ። እናታቸው የሰፈሩን ልጅ ሁሉ ሲያዋልዱ ኖረው የራሳቸውን የመጀመሪያ ልጅ ግን ማንም ሳይደርስላቸው ብቻቸውን ነው የተገላገሉት። እቴቴም «እኔ ገና ከጅምሩ ሰው አልጠበቅሁም» እያሉ ዕድሜ ልካቸውን ሲኩራሩበት ኖረዋል።

ይህን የሕይወት ታሪክ እንድታዘጋጅ አደራ የተሰጣት ታናሽ እህታቸው ናት። አደራው ደግሞ ከነማስጠንቀቂያው ነበር። «ስታነቢው እንዳታለቃቅሺብኝ! አሮጌዋ መኪናችን ስትነሳ እንደምንጮኸው አድርገሽ አንብቢው» ብለዋታል። ስለዚህ የአንባቢዋ ድምፅ ከቦታው ጋር ባይሄድ ጥፋቱ የእሷ አይደለም።

እቴቴ በ1950 ዓ.ም. ትምህርት ቤት ገብተው እስከ ስምንተኛ ክፍል ተምረዋል። በሒሳብ የሚደርስባቸው አልነበረም። ሆኖም የአባታቸው ዓይን ሲደክም መርፌ ቀዳዳ ውስጥ ክር የሚያስገባላቸው ሰው ጠፋና፣ በ1958 ዓ.ም. ደብተራቸውን አጥፈው ከአባታቸው የስፌት መኪና ጎን ቁጭ አሉ። በሁለት ዓመት ውስጥ ዓይናቸውን ጨፍነው ኮሌታ የሚገጥሙ እጀ ወርቅ ሆኑ።

በ1961 ዓ.ም. በሆስፒታል የስፌት ክፍል ተቀጥረው፣ በ1992 ዓ.ም. የክፍሉ ኃላፊ ሆነው ጡረታ እስከወጡ ድረስ ሠላሳ አንድ ዓመት አገልግለዋል። ክፍሉ መስኮቶቹ ከፍ ያሉ፣ ስምንት የስፌት መኪና በሁለት ረድፍ የተደረደረበት፣ አንሶላና የሐኪም ጋውን እስከ ጣሪያ የሚከመርበት ረጅም ክፍል ነው። እቴቴ በገቡ በዓመታቸው፣ አንዷ ሰፊ መቀሷን ጨርቅ ላይ ጥላ ስታበቃ ከጋውን ገበር ጋር አብራ ሰፋችው። ቀዶ ጥገና ሐኪሙ ጋውኑን ለብሶ ሲቀመጥ ምን እንደተሰማው ለመገመት አያዳግትም። ከዚያ ቀን ጀምሮ በእቴቴ ዘንድ ዕቃ አይጣልም፤ ከእጅ ወደ እጅ ይሰጣል። ይህን ሕግ ያዙልኝ፤ ኋላ እንመለስበታለን።

በ1966 ዓ.ም. ከጂኦግራፊ መምህሩ ጋር ትዳር መሠረቱ። መምህሩ አንዱን ሱሪ ሦስት ጊዜ ለማሳጠር ይዘው መጥተው ነበር። በሦስተኛው እቴቴ ሱሪውን ከፍ አድርገው አዩና «ከዚህ በላይ ካጠረ ቁምጣ ነው፤ የልብዎን ይናገሩ» አሉ። መምህሩም ተናገሩ! በ1968 ዓ.ም. ሴት ልጃቸውን፣ በ1971 ዓ.ም. ወንድ ልጃቸውን አፈሩ። ዛሬ የመጀመሪያዋ ነርስ፣ ሁለተኛው መሬት ቀያሽ ናቸው።

አሁን ወደ መኪናዋ እንምጣ፤ ምክንያቱም ያለ እሷ የእቴቴ ታሪክ ግማሽ ነው። በ1974 ዓ.ም. መምህሩ አራት በር ያላት፣ ቀለሟ ወተት የመሰለ፣ ያገለገለች መኪና ገዝተው ግቢ አስገቡ። መምህሩ የዓለምን ወንዞች ከነገባራቸው በቃላቸው ይወጡታል፤ ኮፈኑ ሥር ስላለው ነገር ግን የሚያውቁት ሙቅ መሆኑን ብቻ ነበር። በ1977 ዓ.ም. መኪናዋ አቀበት ላይ ትንተፋተፍ፣ ጠዋት አልነሳም ትል ጀመር። መካኒኩ አዳምጦ «ካንዴላ ነው፤ ይቀየር» አለ። ለማያውቅ ሰው፣ ካንዴላ ማለት ለሞተሩ እሳት የምትጭር የጣት ርዝመት ያላት ዕቃ ናት። በዚያች መኪና ላይ አራት አሉ፤ እያንዳንዷም የራሷ ገመድ አላት።

መምህሩ «ለዚችማ ለዚች እኔ አለሁ!» ብለው አራቱንም ገመዶች በአንድ ጊዜ ነቀሉ። ካርታ በቃሉ የያዘ ሰው አራት ገመድ አይጠፋበትም ብለው ነው። ካንዴላዎቹን ቀየሩ፣ ገመዶቹን መለሱ፣ ቁልፉን አዞሩ። ከጭስ ማውጫው የወጣው ፍንዳታ ጎረቤት ያሉትን ጡረተኛ ከነወንበራቸው ገለበጣቸው! ሁለት ገመዶች ተቀያይረው ገብተው ነበር።

እቴቴ ከሳቃቸው እንደተመለሱ የክር ሳጥናቸውን ይዘው ወጡ። ገመዶቹን ካስተካከሉ በኋላ በየገመዱ ላይ ክር አሰሩበት፦ ከፊት ጀምሮ ቀይ፣ ሰማያዊ፣ ቢጫ፣ ነጭ። በኮፈኑ ውስጠኛ ገጽም በልብስ ሰፊ ጠመኔ ቅደም ተከተሉን ጻፉበት። ከዚያ አንድ ተነቅሎ አንድ ሳይገባ ሌላ አይነካም የሚል ሕግ አወጡ። ልጆቹ እኔ ልፍታ፣ እኔ ላጥብቅ እያሉ ሲናከሱ ደግሞ ለእያንዳንዱ ሰው የራሱን ደለደሉለት። ቀዩ የአባት፣ ሰማያዊው የእናት፣ ቢጫው የሴት ልጃቸው፣ ነጩ የወንድ ልጃቸው። የሰው ካንዴላ የነካ ወየውለት!

ከዚያ ወዲህ በየዓመቱ በጥቅምት የመጀመሪያው ቅዳሜ ጠዋት፣ ሞተሩ ቀዝቅዞ ሳለ፣ አራቱም ኮፈኑ ዙሪያ ይሰለፋሉ። እቴቴ በቀጭን ላስቲክ ቱቦ ከየካንዴላው ሥር አቧራውን ይነፋሉ። መፍቻው አንድ ብቻ ነው፤ ከእጅ ወደ እጅ ይሄዳል። አዲሱ ካንዴላ ግን በመፍቻ አይጀመርም። እቴቴ የራሳቸውን ካንዴላ ጫፍ በዚያው ላስቲክ ቱቦ ይይዙና፣ መርፌ ውስጥ ክር እንደሚያስገቡት ትንፋሻቸውን ውጠው በጣታቸው እያሽከረከሩ ያስገቡታል። ጥርሱ ተጣሞ የጀመረ እንደሆነ ቱቦው ይንሸራተታል እንጂ አያስገድድም። «እጅሽ እምቢ ካለሽ አውጪና እንደገና ጀምሪ» ይሏት ነበር ልጃቸውን። በእጅ ገብቶ ሲያልቅ ብቻ መፍቻው በስሱ ያጠብቀዋል።

ከዚያ ደግሞ ፍርድ አለ! አሮጌዎቹ ካንዴላዎች ነጭ ጨርቅ ላይ ይደረደራሉ። ጫፉ ቡናማ የሆነለት ጤነኛ፣ ጥቀርሻ የለበሰበት ሰነፍ ይባላል። ነርሷና ቀያሹ በየዓመቱ የእኔ ነው ቡናማው፣ የእኔ ነው እያሉ ሲጨቃጨቁ መምህሩ ዳኛ ሆነው በአድልዎ ይፈርዱ ነበር። ቁልፉ ሲዞርና አራቱም በአንድ ድምፅ ሲነሱ ግቢው በጩኸት ይናጋል። እቴቴ ሁለት እጃቸውን ወደ ላይ ሰቅለው የሚጮሁት ጩኸት ዛሬም ከጆሮ አይጠፋም።

በ2007 ዓ.ም. መምህሩ በድንገት አረፉ። ያኔ ቀዩ ክር ለታናሽ እህታቸው ተሰጠ፤ ይህን የምታነበው እሷ እስከ ዛሬ ድረስ ከዚያ የበለጠ ሹመት አላገኘችም። ነገር ግን ሐዘኑ ገና ሳይበርድ ቀያሹ «ይህቺን ቆርቆሮ ሸጠን እናታችንን እናሳርፋት» አለ። ነርሷ «አባታችንን ነው የምትሸጠው!» ብላ ደሟ ፈላ። አንዱ ቃል ሌላውን እየጎተተ፣ ዓይንሽን ላፈር ዓይንህን ላፈር ተባብለው፣ ወንድምና እህት ሆድና ጀርባ ሆኑ። ነርሷ እናቷን ለመጠየቅ ጠዋት ትመጣለች፤ ቀያሹ ከሥራ በኋላ ይመጣል። እንዳይገናኙ የሚያደርጉትን ጥንቃቄ ለሥራቸው ቢያውሉት ሁለቱም ሚኒስትር በሆኑ ነበር።

ስድስት ዓመት እንዲህ አለፈ። መኪናዋ ሸራ ለብሳ ግቢው ውስጥ ቆመች። መካኒኩ «ልሥራት» ሲል እቴቴ «የሰው ካንዴላ አይነካም» ብለው መለሱት። እቴቴ ከሞት ይልቅ የሚፈሩት አንድ ነገር ነበር፤ እሱም እነዚህን ሁለት ልጆች ሳያስታርቁ መሄድ። ሌሊት ሌሊት የሚያስጨንቃቸው ይኸው እንደሆነ ለእህታቸው ደጋግመው ነግረዋታል።

በ2013 ዓ.ም. ሐኪሞች የልብ ድካም እንዳለባቸው ነገሯቸውና ለጥቅምት ወር ሰኞ ቀን ቀጠሮ ሰጧቸው። ልጆቹ ተራ በተራ እየመጡ እኔ ልውሰድሽ አሉ። እቴቴ «በራሴ መኪና ካልሆነ ከዚህ ወንበር አልነሳም» ብለው ድርቅ አሉ። ከዚያም ለየብቻ እየጠሩ «ቅዳሜ ጠዋት ና፤ ካንዴላህን ቀይር»፣ «ቅዳሜ ጠዋት ነይ፤ ካንዴላሽን ቀይሪ» አሏቸው። ሌላው እንደሚመጣ አልነገሯቸውም። ተንኮለኛ ነበሩ እኮ!

ባትሪውንና ነዳጁን መካኒኩ በዋዜማው አስተካከለላቸው። ቅዳሜ ደረሰ። ሁለቱ በር ላይ ግንባር ለግንባር ተፋጠጡ። ተራርቀው ገቡ። ታናሽ እህት ቀዩን ቀየረች። እቴቴ በርጩማ ላይ ተቀምጠው፣ እያረፉም ቢሆን፣ ሰማያዊውን ቀየሩ። ነርሷ ቢጫዋን ጨረሰችና መፍቻውን የመኪናዋ ትከሻ ላይ ቁጭ አድርጋ ፊቷን አዞረች። ቀያሹም ሊያነሳው እጁን ዘረጋ።

«ተው!» አሉ እቴቴ። «በዚህ ቤት ዕቃ አይጣልም። አንሺው። በእጁ ስጪው።»

ነርሷ ቆመች። አርባውን ያለፈች ሴት፣ በሽተኛ የሚፈራት ነርስ፣ መፍቻውን አነሳችና ወንድሟን ሳታይ ዘረጋችለት። ቀያሹ ተቀበለ። የራሱን ነቀለ፤ አዲሱን ሊያስገባ ሲል ግን ቱቦው ሁለት ጊዜ አመለጠው። ነርሷ የእጅ ባትሪዋን አብርታ ቀዳዳው ላይ ያዘችለት። ካንዴላውን አልነካችም፤ ሕግ ሕግ ነው። በሦስተኛው ገባ።

አሮጌዎቹ ጨርቁ ላይ ተደረደሩ። ቀያሹ ጎንበስ ብሎ አየና «ያንቺ ጥቀርሻ ነው፤ የኔ ቡናማ ነው» አለ። ነርሷ «ውሸታም! አምጣ እስቲ!» አለች። በስድስት ዓመት ውስጥ የተነጋገሩት የመጀመሪያ ቃል ይኸው ነው! እቴቴ ቁልፉን ራሳቸው አዞሩ። በመጀመሪያው አልተነሳችም። በሁለተኛው አሳላት። በሦስተኛው አራቱም በአንድ ላይ ተነሱ! እቴቴ ሁለት እጃቸውን ሰቅለው ጮሁ፤ ነርሷ ወንድሟ አንገት ላይ ተጠመጠመች፤ ግሪሱ ነጭ ሸሚዙ ላይ ቀረ፤ እስከ ዛሬም አላሳጠበውም። ሰኞ ዕለት ሁለቱም ከፊት ተቀምጠው፣ እቴቴ ከኋላ እንደ ንግሥት ተዘርግተው ወደ ሐኪም ሄዱ።

ከዚያ በኋላ ፈጣሪ ከሦስት ዓመት በላይ ጨመረላቸው። ባለፈው ጥቅምት ግን ከአልጋ መነሳት አልቻሉም። ሦስቱ የየራሳቸውን ቀየሩ። የእሳቸውን ማንም አልነካም፤ አዲሱ ካንዴላ በክር ሳጥናቸው ውስጥ ቀረ። መኪናዋም ከዚያ ወዲህ ስትሄድ ትንሽ ትንተፋተፍ ነበር። ከማረፋቸው ሁለት ቀን በፊት ልጆቻቸውን ግራና ቀኝ አስቀምጠው «የኔን አንድ ላይ ሆናችሁ አስገቡት» አሏቸው። ስለ ሌላ ነገር አልተናዘዙም።

እቴቴ በሐኪምና በልጆቻቸው ሲረዱ ቆይተው ጥር 11 ቀን 2016 ዓ.ም. ንጋት ላይ በተወለዱ በሰባ ሁለት ዓመታቸው አርፈዋል። አንዲት ሴት ልጅ፣ አንድ ወንድ ልጅ፣ አምስት የልጅ ልጆችና አንዲት ወሬኛ ታናሽ እህት ትተው አልፈዋል።

ዛሬ ጠዋት፣ እናንተ ከመምጣታችሁ በፊት፣ ልጆቻቸው ኮፈኑን ከፈቱ። ሰማያዊው ክር ደብዝዟል፤ ቋጠሮው ግን እንዳሰሩት ነው። ነርሷ አቧራውን ነፋች፤ ቀያሹ አሮጌውን ነቀለ። አዲሱን በቱቦው ይዘው፣ የሁለቱ ጣቶች በአንድ ላይ እያሽከረከሩ አስገቡት። የአሮጌውን ጫፍ ያየን እንደሆነ የእቴቴ ካንዴላ ቡናማ ነው፤ ከሁላችንም ይልቅ ቡናማ። መፍቻውን ከእጅ ወደ እጅ ተቀባብለው አጠበቁት። ቁልፉ ሲዞር መኪናዋ በመጀመሪያው ተነሳች! እኛም ሦስታችን፣ ሐዘንተኞች መሆናችን ጠፍቶን፣ እጃችንን ወደ ላይ ሰቅለን ጮህን።

ፈጣሪ ለእቴቴ ነፍስ ብርሃን ያለበትን ማረፊያ ይስጥልን፤ ከመምህራቸውም ጋር ያገናኝልን፤ ያስታረቋቸውንም ልጆች አንድ እንዳደረጓቸው ያኑርልን። ከፊት የምትመራን እሷው መኪና ናት፤ በር ላይ ቆማለች፣ ሞተሯም አልጠፋም። በሉ ተነሱ፣ እንሸኛቸው።