ጌቾ፣ ኮምፒውተሩ አልተበላሸም

ጌቾዬ፣

ከተለየኸኝ ዓመት ከሁለት ወር ሆነ። ይህን ደብዳቤ በየሳምንቱ ወሬ በምሞላባት በዚችው ገጼ ላይ የምጽፍልህ አንባቢዎቼም እንዲሰሙት ፈልጌ ነው፤ ለምን እንደሆነ ወደ መጨረሻው ይገባሃል። በቅድሚያ ግን የማፍርበት ነገር አለኝና ልናዘዝ። ያ ሳሎን ጥግ ያለው ኮምፒውተርህ አልተበላሸም። አንድም ቀን ተበላሽቶ አያውቅም። እኔ ግን ይህን ሁሉ ጊዜ በአልጋ ልብስ ሸፍኜው፣ ለመጣው እንግዳ ሁሉ "ተበላሽቷል" ስል ኖርኩ። ለጎረቤታችን ለእትዬ አለሚቱ "ቫይረስ ገባበት" አልኳቸው። ከሁለት ሳምንት በኋላ "ቫይረሱ አልለቀቀውም?" ብለው ሲጠይቁኝ ያልኩት ጠፍቶኝ "መብራት ሄድ መጣ ሲል ተቃጠለ" አልኩ። የሚያውቁት ጠጋኝ እንዳለ ሲነግሩኝ ደግሞ "አይ፣ ለሥራ ተወስዷል" አልኩ፤ ኮምፒውተሩ ከኋላዬ በአልጋ ልብሱ ሥር ጉብ ብሎ! እትዬ አለሚቱ አንዴ ጉብታውን፣ አንዴ እኔን አዩና ነጠላቸውን አጣፍተው ወጡ። ሐዘንተኛ አይከራከሩትም ብለው ይሆናል።

በዚያ አልጋ ልብስ የሸፈንኩት፣ ጌቾዬ፣ አንተን ያታለልኩበትን ነገር ነበር።

አንተ ብታውቀውም አንባቢ አያውቅምና ከጅምሩ ላውራው። ዕድሜህን ከባድ መኪና ስትነዳ የኖርክ ሰው ነህ። ከመንገድ ስትመለስ ከቤትህ በፊት የምትደርሰው ቃሊቲ፣ ጎሚስታው ደጃፍ፣ ዳማው ሰሌዳ ላይ ነበር። እኔ ወጡን አሙቄ ስጠብቅ አንተ ቆርኪ ትደረድራለህ፤ ያንተ በፊቱ፣ የሸምሱ በጀርባው። ሸምሱ የስልጤ ሰው፣ የመኪና ዕቃ ነጋዴ፣ ከጉብዝና ጀምሮ ወዳጅህ። ወዳጅነታችሁን ግን ከአፋችሁ የሰማ አያምንም። እሱ "ገና ሳትቀመጥ በልቼሃለሁ!" ይልሃል። አንተ "መጀመሪያ ሱቅህን ዝጋ፤ ስታለቅስ ደንበኛ እንዳያይህ" ትለዋለህ።

ሰሌዳችሁ ሕግ ነበረው። ለደካማ ተጫዋች ጎበዙ ከራሱ ቆርኪ ሁለትም ሦስትም ያነሳለታል። በግልጽ፣ ሰው እያየ፣ "ይኸው ሦስት አንስቻለሁ" ብሎ። ይህ ነውር የለውም። ነውሩ አውቆ መሸነፍ ነው። ትዝ ይልሃል፣ መኪናህ ተገልብጦ ክንድህ በጀሶ ታስሮ የመጣህ ሰሞን? ሸምሱ አንጀቱ አልችል ብሎት ጠጠሩን እንድትበላው አመቻችቶ አቀረበልህ። አልበላህም። ቆርኪዎችህን በአንድ እጅህ ሰብስበህ ከረጢትህ ውስጥ ከተትክና፣ "ሸምሱ፣ ልቀቅልኝ ካልኩህ ፊቴ ላይ ቆርኪ አንሳ። ሳልጠይቅህ የለቀቅክልኝ ቀን ግን በቁሜ ቀብረኸኛል" ብለህ ሄድክ። ሦስት ወር እዚያ ደጃፍ አልደረስክም። ሰው በድንበር፣ በውርስ ሽማግሌ ይላላካል፤ እናንተ በአንድ ቆርኪ ሽማግሌ ተቀመጠላችሁ። ሸምሱ ሙዝ ይዞ መጥቶ በር ላይ ቆሞ "ሁለተኛ አልምርህም!" ብሎ ነው ይቅርታ የጠየቀው።

ከዚያ የኮንዶሚኒየም ዕጣ ወጣልን፤ ገላን፣ አራተኛ ፎቅ። እልል ብዬ ሳልጨርስ ስኳሩ እግርህን ያዘ። ሊፍት የለ፣ ደረጃው የማያልቅ፤ ቃሊቲ በስልክ ብቻ የምትሰማት አገር ሆነችብህ። ሸምሱ መጀመሪያ ሰሞን እየወጣ ያጫውትህ ነበር፤ በኋላ የሱም ጉልበት እምቢ አለው። ስለዚህ መሥሪያ ቤቴ አሮጌ ኮምፒውተሮቹን ሲያሰናብት አንዱን ለምኜ አመጣሁልህ። የመጽሔታችንን ገጽ የምታቀናብረው ሣራ ዳማ ጫነችበት። አምስት ደረጃ ያለው ጨዋታ ነበር፤ አንደኛው ለጀማሪ፣ አምስተኛው ለጉድ። "ጋሽ ጌታሁን ጎበዝ ናቸው ብለሽኛል" ብላ አራተኛው ላይ አድርጋው ሄደች። አንተ ደረጃ የሚለው ቃል አልጣመህም፤ ማርሽ አልከው። "ይሄ ሰውዬ በአራተኛ ማርሽ ዳገት ሊያስወጣኝ ነው እንዴ!" እያልክ ጀመርክ።

ሰውዬው ግን በላህ። በማግስቱም በላህ። በሁለተኛው ሳምንት ጢምህን መላጨት ተውክ፣ ምሳህን እንደተከደነ አገኘው ጀመር፣ ሸምሱ ሲደውል "ተኝቷል በይው" ማለት አመጣህ። አንድ ቀን ወደ ግድግዳው ዞረህ "ማሽንም ናቀኝ" ስትል ሰማሁህ። የእግርህን ሕመም ችዬው ነበር፤ ይህችን ግን አልቻልኳትም።

አንድ ማለዳ አንተ ገላህን ስትታጠብ ስልኬን በትከሻዬና በጆሮዬ መሀል ይዤ ሣራን እያንሾካሾክኩ ጠየቅኳት። "ላይኛው ጥግ ላይ ያለውን ተጫኚ፣ አሁን ሁለተኛውን ምረጪ፣ በቃ።" በቃ። ከአራተኛ ወደ ሁለተኛ። እንደ ኪስ አውላቂ ወደ መታጠቢያ ቤቱ በር እየተገላመጥኩ ከኮምፒውተሩ ራቅኩ።

ያን ቀን ከሥራ ስመለስ ድምፅህን የሰማሁት ሦስተኛ ፎቅ ሳልደርስ ነው። "ዝኑ! ቶሎ ውጪ! በላሁት! አንጀቱን ነው የበላሁት!" በማግስቱ ተላጭተህ አገኘሁህ። በሳምንቱ ኮሪደሩ በሙሉ ሰማ፤ እትዬ አለሚቱ ሳይቀሩ "የኛ ጌታሁን ኮምፒውተር አሸነፈ አሉ፣ እውነት ነው?" እያሉ ይጠይቁኝ ጀመር። ከዚያ ወዲያ በየቀኑ ቦርሳዬን ሳላስቀምጥ ወደ ስክሪኑ ትጠቁመኛለህ፤ ድል። እኔም አጨበጭባለሁ።

ለአንድ ቀን ደስ አለኝ። ከዚያ ያቺ ቃልህ መጣችብኝ፤ "ሳልጠይቅህ የለቀቅክልኝ ቀን በቁሜ ቀብረኸኛል"። ልነግርህ ስንት ጊዜ አፌን ከፈትኩ! ፊትህን ሳየው መልሼ ዘጋሁት። ነገ እነግረዋለሁ ስል ወራት ሄዱ፤ አንድ ማለዳ ልብህ ቀደመኝ። ለቅሶ ቤት አስተዛዛኞች "ተዪ ዝናሽ፣ ኮምፒውተር ያሸነፈ ጀግና ነው የሸኘሽው" ባሉኝ ቁጥር ይብስብኝ ነበር። በፍቅር የማለቅስ መሰላቸው። እኔ ግን ባሌን ሁለቴ እንደቀበርኩት እያሰብኩ ነበር የማለቅሰው።

አሁን ወደ ዜናው ልምጣ። ሐዲዱን ብቻ አይተህለት የሄድከው ባቡር ቃሊቲ ድረስ ይሠራል፤ እንደ ሰርዲን ታሽገን ብንሄድም ታክሲ መቀያየሩ ቀርቶልኛል። ጎሚስታው ለመንገድ ተብሎ ተነሥቶ ከሸምሱ ሱቅ ጀርባ ገባ፤ ዳማውም አብሮት ተሰደደ። ዕቃ ሲያነሡ ያቺ የቆርኪ ከረጢትህ ከመደርደሪያ ሥር ተገኘች። ከሦስት ሳምንት በፊት፣ ቅዳሜ ረፋድ ላይ በር ተንኳኳ። ስከፍት ሸምሱ፤ በየፎቁ እያረፈ ወጥቶ፣ በአንድ እጁ ከረጢትህን፣ በሌላው ሙዝ ይዞ፣ ትንፋሹ ተቆራርጦ።

ተቀምጦ ውሃውን ከጠጣ በኋላ ወደ ጥጉ አየና "ዝኑ፣ ይሄ ኮምፒውተር አሁንም አልተሻለውም?" አለኝ። ለካ ቃሊቲም ሰምቷል! ሳላስበው እንባዬ መጣ። "ሸምሱ፣ ደኅና ነው። እኔ ነኝ ያበላሸሁት። ጌቾ ሳይጠይቀኝ ለቀቅኩለት" ብዬ ሁሉንም ነገርኩት። ሊቆጣኝ ነው ብዬ ስጠብቅ ሰውዬው ሳቀ። ጉልበቱን እየመታ ሳቀ።

"አንቺ ሴትዮ፣ በማግስቱ ነው እኮ የነቃብሽ!" አለኝ። "ደውሎልኝ 'ሸምሱ፣ ዝኑ ማርሽ ቀንሳልኛለች' አለኝ። መኪናው ዳገቱን ያለ ጩኸት ሲወጣ ጊዜ ገባው። ከዚያ ቁጥሩን ፈልጎ አገኘው፤ ዕድሜውን ሙሉ ዳሽቦርድ ሲያነብ የኖረ ሰው ከቁጥር ትደብቂያለሽ?"

ለካስ ጌቾዬ፣ እኔ ማለዳ ለሥራ ስወጣ አንተ ወደ አራተኛ ትመልሰው ኖሯል። ቀኑን ሙሉ እንደ ወንድ ስትሸነፍ ትውልና፣ መምጫዬ ሲደርስ፣ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ፣ ወደ ሁለተኛ አውርደህ አንዲት ድል ታዘጋጅልኛለህ። ሸምሱ "አብደሃል? ለምን?" ቢልህ፣ "ይህን ሁሉ ደረጃ ወጥታ ቦርሳዋን ሳታስቀምጥ የምታየው ፊቴን ነው። ደህና ነገር ትይበት" አልከው አሉ።

"እኔን ሦስት ወር አኩርፎኝ አንቺን እንዴት ዝም እንዳለሽ እኔም ቅር ብሎኝ ጠይቄዋለሁ" አለ ሸምሱ፣ ያቺ የድሮ ቂም አሁንም እንደቆረቆረችው ያስታውቅበታል። "ምን አለኝ መሰለሽ? 'አንተ ከፊቴ የተቀመጥክ ባላጋራዬ ነህ፤ ከለቀቅክልኝ ንቀኸኛል። እሷ ግን ከጎኔ ነው የተቀመጠችው። የጎን ሰው ይገፋል፣ ይደግፋል፤ ማን ይቀየመዋል?' አለኝ።"

ጌቾ፣ ከዓመት ከሁለት ወር በኋላ መጀመሪያ የተነፈስኩት ያኔ ነው። ደረቴ ላይ የተቀመጠ የጭነት መኪና ተነሥቶ ሄደ። ሙዙን ልጬ ለሸምሱ ሰጠሁት፣ እኔም በላሁ፣ በላዩም አለቀስኩ፤ ይህኛው ለቅሶ ግን የሚያሳርፍ ነው።

እሱ ሲሄድ አልጋ ልብሱን ገለጥኩት። ሣራ በስልክ እየመራችኝ የተጫወትካቸው ጨዋታዎች የሚታዩበትን ገጽ ከፈትኩ። ከአራተኛው ደረጃ ጎን ሽንፈት፣ ሽንፈት፣ ሽንፈት፤ ወደ ታች ብወርድ ሽንፈት። ከዚያ መሀል ላይ አንድ ድል። አንዲት። መልሼ አነበብኳት። ለሸምሱ ደወልኩለት። "አየሻት?" አለኝ። "ያን ቀን ምላስህ ይቆረጥ ብሎ አስምሎኛል። 'በአራተኛ አሸነፍኩ ካልኳት ማርሹን መመለሴን ታውቅብኛለች' አለኝ።"

ከድሏ ጎን የተጻፈውን ቀን አሰብኩት። ያቺ በገመድ የምናወርዳት ዘንቢል ጥብስ ይዛ የወጣችበት ቀን! ከታች ካለው ሥጋ ቤት አዘህ፣ ከበረንዳ ጎትተህ፣ ጠረጴዛ ላይ ከድነህ ጠበቅከኝ። "የምን በዓል ነው?" ብልህ "የኔ" አልክ። ልደትህን የረሳሁ መስሎኝ ደንግጬ ስቆጥር አመሸሁ። አንተ፣ ወጥ ጣፈጠልኝ ብለህ እንኳ ኮሪደር ላይ የምታወራ ሰው፣ በሕይወትህ ትልቁን ጉራ ለኔ ስትል ዋጥካት። ከጥብስ ጋር ዋጥካት።

እንግዲህ ይህን ደብዳቤ በአደባባይ የጻፍኩት ለዚህ ነው። ጎረቤት ይስማ፣ ቃሊቲ ይስማ፣ እትዬ አለሚቱም ያንብቡ፦ ጌታሁን፣ የከባድ መኪና ሹፌሩ፣ ገላን ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ፣ ማንም ሳይለቅለት፣ በአራተኛ ማርሽ አሸንፏል። ያላወራሃትን እኔ በኖርኩበት ዘመን ሁሉ አወራልሃለሁ፤ እኔ ወሬ እንደማይሰለቸኝ ታውቃለህ።

አልጋ ልብሱ ታጥቦ አልጋው ላይ ገባ። እኔም ዳማ ጀምሬያለሁ። "አንደኛ ማርሽ" ብዬ በወረቀት ጽፌ ስክሪኑ አናት ላይ ለጥፌበታለሁ፣ የገባ ሁሉ እንዲያየው። ቅዳሜ ቅዳሜ ደግሞ ከሸምሱ ሱቅ ጀርባ በቆርኪዎችህ እጫወታለሁ። ሰው ፊት አራት ያነሳልኛል። "አምስተኛ ካነሳሁልሽ እኔ ቤቴ ልግባ፣ አንቺ ብቻሽን ተጫወቺ" ይለኛል። ትናንት ግን አንዲት ጠጠሩን በላሁበት፤ ዐይኑን አየሁት፣ አልለቀቀልኝም፣ እውነት ተናዷል።

ቀስ ብዬ ማርሽ እጨምራለሁ፣ ጌቾዬ። አራተኛው ላይ የደረስኩ ዕለት ዘንቢሏን አውርጄ ጥብስ አዝዤ እጽፍልሃለሁ። በስንተኛ ማርሽ እንደተጫወትኩ አስቀድሜ እነግርሃለሁ፤ ማን እንደበላ ከዚያ በኋላ።

ከጎንህ የነበረችው፣
ዝኑ