ወንድሜ አንዴ የሚመታበት ቅዳሜ

ሰኞ፣ ኅዳር 3

የተማሪዎች ሸሚዝ ኮሌታ ስሰፋ ዋልኩ። ሁለቱን ገልብጬ ሰፍቼ ኖሮ መተርተር ሆነ ሥራዬ። እማዬ ከክፍሏ ሆና የስፌት መኪናው ዝም ሲል ሰምታ፣ «ገለበጥሽው አይደል?» አለች። እግሯ ነው እንጂ ጆሮዋ አልተሰበረም።

ከሰዓት ክዳን ደወለ። ወንድሜ። በልጅነቱ የድስት ክዳን እያጋጨ ሰፈሩን እንቅልፍ ስለነሳ ነው ይህ ስም የወጣለት። አሁን ለዚሁ ሥራ ደመወዝ ይከፈለዋል... በትልቅ ኦርኬስትራ ውስጥ ከሁሉም ኋላ ቆሞ ሁለት የነሐስ ሳህኖች ያጋጫል።

«የሚመጣው ሳምንት ቅዳሜ፣ አስር ሰዓት ላይ» አለኝ። «በምንጫወትበት አዳራሽ ድረ ገጽ በቀጥታ ይተላለፋል። አይቀዳም። ካመለጣችሁ አመለጣችሁ።»

«ስንቴ ትመታለህ?»

«አንዴ።»

«አንዴ? በቃ?»

«መጨረሻው አካባቢ። አንዴ ብቻ።» ከዚያ ድምፁ ዝቅ አለ። «እማዬ ታየኛለች?»

«ታይሃለች» አልኩት። ማን ቃል ግቢ አለኝ?

የሒሳብ ሥራውን ትቶ ወደ ሙዚቃው የሄደ ዕለት እማዬ «የሰው መሳቂያ አደረግከን» አለችው። ከዚያ ወዲህ በስልክ «ደህና ነህ?»፣ «ደህና ነኝ»፣ «በል ቻው» ነው። ሲጫወት አንድም ቀን አይታው አታውቅም። እሷ አትጠይቅም፣ እሱም አይለምንም። ዛሬ ግን ጠየቀ! ደስታዬን የት ላድርገው?

ማክሰኞ፣ ኅዳር 4

ነገርኳት። ፊቷን ወደ ግድግዳ አዞረች።

«አንዴ ለመምታት ነው ያንን የመሰለ ቢሮ ጥሎ የሄደው?»

ዝም አልኩ። እማዬን ዝም ካሏት ራሷ ትመለሳለች። ሻይዋን ጠጣች፣ ትራሷን አስተካከልኩላት፣ በግድግዳው ሰዓት አምስት ሰዓት ሲል፣ በእውነተኛው ገና ሩብ ጉዳይ መሆኑ ነው፣ እንዲህ አለች፦

«ትልቁ ቴሌቪዥን ላይ ይመጣል?»

«ይመጣል!»

«ወንድምሽ ከኋላ ነው ብለሽ የለ? በትንሽ ነገር አይታየኝም።»

አለቀ። ተስማማች ማለት ነው። ማድ ቤት ገብቼ ብቻዬን ሳቅኩ።

ሐሙስ፣ ኅዳር 6

ሙከራ። አዳራሹ በየቀኑ ማለት ይቻላል አንድ ነገር ያስተላልፋል። ዛሬ የሕፃናት መዘምራን ነበሩ። ላፕቶፑን ከፈትኩ፣ ብሮውዘሩ ላይ ድረ ገጹን አወጣሁ... ጥቁር። መሃሉ ላይ ትንሽ ክብ ትሽከረከራለች። ተሽከረከረች፣ ተሽከረከረች። አንድ የሕፃን ጥርስ እንኳ አላየሁም።

የሚገርመው ግን ሌላ ነው። የተቀዳ ቪዲዮ ስከፍት እንደ ውሃ ይፈሳል። የልብስ ስፌት ትምህርቱ፣ ዜናው፣ ሁሉም። እምቢ ያለው የአዳራሹ ቀጥታ ስርጭት ብቻ ነው። በስልኬ ስሞክረው ደግሞ ሕፃናቱ ቁልጭ ብለው ይዘምራሉ!

ታዲያ በስልኬ ማየት ነው? መስታወቱ ተሰነጣጥቋል፤ ከቴሌቪዥኑ ጋርም አይግባባም። የእማዬ ዓይን በዚያች ስንጥቅ ውስጥ ከኋላ የቆመ ልጅ ሊያገኝ? አይሆንም። ላፕቶፑ መሥራት አለበት።

እልሄ ተነሳ። ደስ የሚል እልህ።

ዓርብ፣ ኅዳር 7

ስፌት ሲበላሽ አንድ ክር ይዞ መከተል ነው። ይህንንም እንደዚያው።

ብሮውዘሩን ዘግቼ ከፈትኩ። አልሆነም። ላፕቶፑን አጥፍቼ አበራሁ። አልሆነም። የዋይፋዩን ሳጥን ነቅዬ ሰካሁ። እማዬ «መብራት ጠፋ?» አለች። አልጠፋም። ብሮውዘሩ ለዓመታት ያጠራቀመውን ግሳንግስ ጠርጌ አወጣሁ... ግሳንግሱን ሲረሳ የይለፍ ቃሎቼንም አብሮ ረሳ። ስርጭቱ? ጥቁር። ክቧም በቦታዋ።

ማስታወቂያ የሚከለክለውን ነገር አጠፋሁ። ማስታወቂያው መጣ፣ ሙዚቃው ቀረ።

እሁድ፣ ኅዳር 9

ጎረቤታችን ኤሌክትሪሺያኑ መጣ። ሳይቀመጥ፦

«ኢንተርኔትሽ ደካማ ነው።»

«ለካው።»

ለካው። ከእሱ ቤት ይሻላል። ጉሮሮውን ጠረገ።

«እንግዲያው ብሮውዘሩ አርጅቷል።»

አደስነው። ሌላ ብሮውዘርም ጫንን። ሁለቱም ጋ ያችው ክብ! አሁን አንድ ነገር ገባኝ፤ ጥፋቱ የብሮውዘሩ አይደለም፣ የኢንተርኔቱም አይደለም፣ የአዳራሹም አይደለም። እዚሁ ላፕቶፕ ውስጥ የተደበቀ ነገር ነው። ክልሉ ጠበበልኝ። እየቀረብኩ ነው፣ ይሰማኛል።

«ላፕቶፑን ቀይሪው» አለኝ ሲወጣ።

«አንተን ነው የምቀይረው» አልኩት። ሳቀ። ቅዳሜ ላፕቶፑን ከቴሌቪዥኑ የሚያገናኝ ረጅም ገመድ አመጣልሻለሁ ብሎ ቃል ገባ። ልቡ ጥሩ ነው፣ ምርመራው ነው ችግሩ።

ሰኞ፣ ኅዳር 10

ክቧ በህልሜም መሽከርከር ጀመረች።

ረቡዕ፣ ኅዳር 12

አገኘሁት! አገኘሁት አገኘሁት!

ዛሬ ፒያኖ ነበር። ስልኬንና ላፕቶፑን ጎን ለጎን አስቀምጬ ያንኑ ገጽ በሁለቱም ከፈትኩ። ስልኬ «ሊጀምር አስር ደቂቃ ቀርቷል» ይላል። ላፕቶፑ «ጀምሯል» ይላል፤ ጥቁር፣ ክብ። እንዴት ነው ነገሩ? አንዱ ውሸታም ነው። መቼም ስልኩ ነው አልኩ፣ ስንጥቅጥቅ ያለ ስልክ ምን ይታመናል... ቀና ብዬ የግድግዳውን ሰዓት አየሁ። ከላፕቶፑ ጋር አንድ ነው። የእማዬን የራስጌ ሰዓት አየሁ። አንድ ነው። ሦስት ለአንድ!

ከዚያ... ኧረ የኔ ነገር! የዚህ ቤት ሰዓት ሁሉ እኮ ሩብ ሰዓት ይቀድማል!

አባዬ ነው ምክንያቱ። ለራሱ ሠርግ እንኳ የዘገየ ሰው ነበር። እማዬ መላ ስታጣ የቤቱን ሰዓት በሙሉ ሩብ ሰዓት ወደፊት ገፋችው። እሱ ካረፈ በኋላም ማንም አልመለሰው። ተወልደን ያደግንበት ስለሆነ ከሰዓቱ ላይ በልብ ሩብ ሰዓት መቀነስ እንደ መተንፈስ ነው። ላፕቶፑ ወደዚህ ቤት የገባ ዕለት ማን ወደፊት ገፋው? እኔ! እማዬ «ይሄስ ለምን ይዘገያል?» ስትለኝ፣ በገዛ እጄ።

ስለዚህ ይህ ምስኪን ላፕቶፕ ከአዳራሹ ሩብ ሰዓት በኋላ የሚመጣውን ምስል አሁን ስጡኝ እያለ ሲለምን ከረመ። ዳቦ ቤት ሄዶ ገና ያልተቦካውን ዳቦ አምጡ እንደ ማለት። የተቀዳው ቪዲዮ የተጋገረ ነው፣ መቼ ብትጠይቂው ግድ የለውም። ቀጥታው ግን ገና እየተጋገረ ነው።

ሰዓቱን በራሱ እንዲያስተካክል አደረግኩ። ገጹን እንደገና ከፈትኩ። ቆጠራው አለቀ... አንድ ሰውዬ መጥቶ ፒያኖ ፊት ተቀመጠ! ጣቶቹ ሁሉ ይታያሉ!

ጮህኩ መሰለኝ። «ምን ሆንሽ?» አለች እማዬ። «ፒያኖ!» አልኳት። «እና?» አለች።

ሐሙስ፣ ኅዳር 13

ዛሬም ሠራ። ለክዳን ደወልኩ። «እማዬ ምን አለች?» ይለኛል፤ ስለ ላፕቶፑ ስነግረው እሱ የሚሰማው እማዬን ብቻ ነው።

«ጸጉሬን እጠቢኝ ብላለች።»

«ለምን?»

«ለቅዳሜ።»

ከዚያ ልምምድ አለብኝ ብሎ ዘጋ።

ቅዳሜ፣ ኅዳር 15፣ ጠዋት

ሦስት ሸሚዝ ማድረስ አለብኝ። ደርሼ እመጣለሁ። እማዬ ሰማያዊ ቀሚሷን ለብሳ ሳሎን ተቀምጣለች። «ለቴሌቪዥን ነው እንዴ የምትለብሺው?» ብላት ገላመጠችኝ።

ቅዳሜ፣ ከዝግጅቱ በኋላ

ከየት ልጀምር...

ስመለስ ኤሌክትሪሺያኑ ገመዱን ሰክቶ ጨርሷል። የአዳራሹ ገጽ በትልቁ ቴሌቪዥን ላይ ወጥቷል። ጥቁር። ክብ።

ወደ ላፕቶፑ ሮጥኩ።

«ጀመረ?» አለች እማዬ።

«ሊጀምር ነው።» ውሸቴን ነው፤ ስልኬ ላይ ጀምሯል፣ ሰባ ሰው ቫዮሊኑን ይገዘግዛል። ገጹን ዘጋሁ ከፈትኩ። ኤሌክትሪሺያኑ ገመዱን ነቀለ ሰካ። ብሮውዘር ቀየርኩ። ላፕቶፑን አጥፍቼ አበራሁ። ሐሙስ ሠርቷል እኮ! ምን ተለወጠ? ማን...

የላፕቶፑን ጥግ ላይ ያለውን ሰዓት አየሁ። የግድግዳውን ሰዓት አየሁ። አንድ ናቸው! አንድ መሆን የለባቸውም!

«ማነው ሰዓቱን የነካው?»

ኤሌክትሪሺያኑ እማዬን አየ። «እማማ ናቸው... ወደኋላ ቀርቷል፣ አስተካክልልኝ አሉኝ። አስተካከልኩላቸው።»

«ሩብ ሰዓት ሙሉ ቀርቶ ነበር እኮ» አለች እማዬ። «በልጄ ቀን ይዘገያል እንዴ?»

ልጄ። ቢሮውን ከተወ ወዲህ ሁለት ዓመት ሙሉ «ወንድምሽ» ነበር የምትለኝ።

ሰዓቱን መለስኩት። ገጹን ከፈትኩ። ክቧ አንዴ ዞረች፣ ሁለቴ... ሰዉ ሁሉ ቦግ አለ! ቤቱ በሙዚቃ ሞላ! ኤሌክትሪሺያኑ ወንበር ስቦ ጋባዥ ሳይጠብቅ ተቀመጠ።

ክዳን ከኋላ ነበር። ጥቁር ልብስ፣ እጆቹ ጉልበቱ ላይ። ካሜራው አለፍ ሲል ብቻ ነው የምናየው።

«አሁን ነው?» ትላለች እማዬ።

«ገና ነው።»

«ለምን ቁጭ አለ? አመመው?»

«ተራውን እየጠበቀ ነው።»

«ይሄ ልጅ? ይሄ ልጅ ዝም ብሎ ይቀመጣል?» እጄን ያዘች። አለቀቀችኝም። ጣቶቼ ደነዘዙ። ሙዚቃው ከፍ እያለ፣ እየሮጠ መጣ... ክዳን ተነሳ።

«ተነሳ!» አልን ሦስታችንም።

ሳህኖቹን አነሳ። ወደ ኦርኬስትራው መሪ ዱላ ያያል፣ አይኑን አይነቅልም። እማዬ ትንፋሿን ያዘች። እኔም። ክቧ አሁን ብትመጣ ቴሌቪዥኑን በመቀስ ነበር የማርደው... አልመጣችም።

መታ።

እንዴት ብዬ ልጻፈው? መስኮቱ የተከፈተ መሰለኝ። ሳህኖቹን ወደ ላይ ዘርግቶ ቆመ፣ ድምፁ እስኪያልቅ። ፊቱ ላይ ያየሁትን ደስታ በዚያ ቢሮ ሳለ አንድም ቀን አላየሁበትም።

ሰዉ ማጨብጨብ ሲጀምር ነው እማዬ ለቴሌቪዥኑ የተናገረችው።

«ድገመው» አለችው።

እሁድ፣ ኅዳር 16

ጠዋት ደወለ። ስልኩን ድምፅ ማጉያ ላይ አድርጌ እማዬ ጭን ላይ አስቀመጥኩት።

«ደህና ነሽ እማዬ?»

«ደህና ነኝ።» እንደ ወትሮው በል ቻው ልትል ነው ብዬ ፈራሁ። «አየሁህ» አለች።

«መምታቴን?»

«መምታትህንም። መቀመጥህንም።» ቀሚሷ ላይ የሌለ ክር ለቀመች። «ያን ዕለት ያልኩህ ነገር... መሳቂያ ያልኩህ። ተሳስቻለሁ። ኮርቼብሃለሁ።»

ከስልኩ ምንም አልመጣም። መስመሩ የተቆረጠ መስሎኝ አጎንብሼ አየሁት። አልተቆረጠም።

«ምነው ዝም አልክ?» አለች እማዬ።

«ድገሚልኝ» አላት።

ደገመችለት።