አባትሽ «ቁረጥ» ማለት አቃተው

የኔ ዓለም፣ የረገጥሽው መሬት ሁሉ ይለምልምልሽ፤ ክፉ አይንካሽ። እኛ ደህና ነን፤ ጉልበቴ ብቻ ደረጃ ጠልቷል። ብርዱን አትናቂው፣ ካልሲ ደርቢ።

አባትሽ ትወናውን ትቶ ዳይሬክተር ከሆነ ወዲህ እኔም ተዋናይ ሆኛለሁ። ሻይ ስቀዳ እንኳ «እንደገና፣ ቀስ ብለሽ» ይለኛል። «ቀስ ካልኩማ ይቀዘቅዛል» እለዋለሁ።

ትናንት ግን መቀለድ አልቻልኩም። አንቺ የሄድሽበትን ቀን እዚሁ ሳሎናችን ሊቀርጽ፣ አንቺን ሆና የምትሠራ ልጅ ሻንጣ አስይዞ አመጣ። ቀረጻ ለማስቆም ሌላው «ካት» ሲል እሱ «ቁረጥ» እንደሚል ታውቂያለሽ። ልጅቷ ስማኝ ወጣች። በመስኮት እየቀረጿት መንገዱን ተሻገረች፤ እሱ ዝም። ከዓይን ጠፋች፤ አሁንም ዝም።

ካሜራማኑ ጨንቆት «ጋሼ፣ ልቁረጥ?» አለው።

«ተው፣ ትመለስ ይሆናል» አለ።

ስንት ዘመን መድረክ ላይ ሲያለቅስ አይቼው አንጀቴን በልቶት አያውቅም። ትናንት እንባ እንኳ ሳይወጣው አንጀቴን በላው።

ልጄ፣ እንደተኳረፋችሁ አትቅሩ፤ ደውይለት። ስለ ጠባችሁ አታንሺ፣ «ፊልሙ እንዴት ሆነ?» ካልሽው ይበቃዋል። ዓይንሽን ለማየት ያብቃን። አደራ፣ ተስፋ አታስቆርጪው።

እናትሽ