የሚያልበው እንስራ

በረኸቴ፣ ዓለሜ፣

ከተለያየን ሰባት ዓመት ሊሞላ አሥራ አንድ ቀን ቀረው። ልጃችን ሣራ ተዝካርህን በድንኳንና በበግ ልታወጣ ትፈልጋለች። እኔ ግን ሌላ አስቤያለሁ፤ ለእሷ ከመናገሬ በፊት ለአንተ ልንገርህ ብዬ ነው የምጽፍልህ።

የቤታችንን ነገር ላስቀድም። ሣራ አግብታ ጳውሎስ አካባቢ ትኖራለች፤ መድኃኒት ቤት ነው የምትሠራው። የጓሮው ኮክ ደርቆ ቆረጥነው። ወንበርህ ከቦታው አልተነቃነቀም። እኔም፣ ስኳር ከተጠቀለለበት ጋዜጣ ላይ ፊደል ስለቃቅም እያየህ ትስቅ የነበርከው ሴት፣ አሁን ጣቴን ከመስመሩ ጋር ሳላስኬድ አነባለሁ።

ደሴትህን ግን ያወቅኋት ከአንተ አፍ ብቻ ነው። በሰሜን ጫፍ፣ ከየብሱ ጋር በድንጋይ መንገድ የተያያዘች ትንሽ ከተማ፤ ቤቶቿ ከባሕር በወጣ ድንጋይ የተሠሩ፣ ሙቀት ሲበረታ ሰው አልጋውን ሰገነት ላይ አውጥቶ የሚተኛባት ምጽዋ። እናትህ ለወደብ ተሸካሚዎች ብለው በራቸው ላይ ውሃ የሞላ እንስራ ያስቀምጡ ነበር፤ ጣሳው በገመድ የታሰረ። እንስራው ያልበዋል፣ ሲያልበው ውሃው ይቀዘቅዛል ብለኸኛል። ወደ አዲስ አበባ በተነሣህበት ጠዋት ሻንጣህ መታውና ተሰበረ። "ስመለስ የተሻለ ይዤ እመጣለሁ" አልካቸው። ሳትመለስ እሳቸው አረፉ። በጦርነቱ የተዘጋው የድንበር መንገድ ለጥቂት ጊዜ ሲከፈት ደግሞ አንተ ከአልጋ መነሣት አልቻልክም፤ ከዚያ ተመልሶ ተዘጋ።

በተጋባን ዓመት አንድ ሥሪልኝ አልከኝ። የቀጨኔ ሸክላ ሠሪ ልጅ አይደለሁ፣ ደስ ብሎኝ ሠራሁልህ። እናቴ እንዳስተማረችኝ በለስላሳ ድንጋይ አሽቼ አንጸባረቅሁት፤ ከእሳት ሲወጣ በቅጠል ጭስ አጠቆርኩት። እኛ ዘንድ ውሃ የሚያሳልፍ ዕቃ የሠሪው ውርደት ነው። አንተ ሦስት ቀን ሙሉ ሆዱን በመዳፍህ እየዳሰስክ ጠበቅህ። ደረቅ ነው። "ቆንጆ ነው፤ ግን ኩሩ ነው፣ አያልበውም" አልክ። ተቀየምኩህ። ሁለተኛ አልሠራም አልኩህ፤ አንተም ሁለተኛ አልጠየቅከኝም። ሰባት ዓመት አላስተኛ ያለኝ ይሄ ነው።

ዘንድሮ ጀመርኩ። እሳቱ ሲበላው ቀዳዳ ይተዋል ብዬ ጭቃው ውስጥ የጤፍ እብቅ ቀላቀልኩ። እጄ በልማድ ወደ ማሻው ድንጋይ እየሄደ ቢያስቸግረኝ፣ ድንጋዩን ለጎረቤታችን ለእትዬ አስካለ ወስጄ ብለምናችሁም አትስጡኝ አልኳቸው። የመጀመሪያው እንስራ እንደ ወንፊት አፈሰሰ። ሁለተኛው እሳት ውስጥ ተሰነጠቀ። እትዬ አስካለ "አንቺ ልጅ፣ በጉለሌ ብርድ ደግሞ ውሃ ማቀዝቀዣ? የቧንቧው እንኳ ጥርሴን አረገፈው" ብለው ሳቁብኝ። እኔም ሳቅሁ። ሦስተኛውን ጀመርኩ።

ትናንት ሞልቼ ደጅ አቆምኩት። እኩለ ቀን ላይ በመዳፌ ብዳስሰው እርጥብ ነው። በረኸቴ፣ አላበው። እዚያው መሬት ላይ ቁጭ ብዬ አለቀስኩ። ከዚያ ተነሥቼ ፊቴን ታጠብኩ፤ ገመድ መግዛት ነበረብኝ።

የሰባት ዓመትህ ዕለት ድንኳን አይኖርም። ሣራ ትቆጣለች፤ ትቆጣ። እንስራውን በራችን ላይ አቆመዋለሁ፣ ጣሳውን አስሬ። ከእንጦጦ ጭራሮና ቅጠል ተሸክመው የሚወርዱትን ሴቶች ታስታውሳቸዋለህ፤ ዛሬም ጎንበስ ብለው በበራችን ያልፋሉ። ላባቸው ከአገጫቸው እየተንጠባጠበ ስለ ጉለሌ ብርድ ማን ይነግራቸዋል? ሸክማቸውን ግንባችን ላይ አስደግፈው ይጠጡ።

መንገዱ በተከፈተ ቀን ደግሞ አንድ ሌላ ሠርቼ፣ በጀርባዬ አዝዬ እናትህ በር ድረስ እወስደዋለሁ። ቤቱ ፈርሶም ቢሆን በሩ የነበረበትን አጠያይቄ አስቀምጠዋለሁ። እስከዚያ ይሄኛውን በየጠዋቱ እሞላለሁ። ከሴቶቹ አንዷ ጠጥታ የማን ነው ብላ ብትጠይቀኝ፣ የበረኸት ነው፣ ለእናቱ ቃል የገባው እላታለሁ።

ያንተዋ ዘነበች