ዝቅ ብሎ የተገጠመ መቀርቀሪያ

ለእናቴ፣

እንደምን አለሽ? አንድ ግድግዳ ተጋርተን ጤናሽን በወረቀት መጠየቄ ለሰሚው ግራ ነው። ሳልሽ ግን ትናንት በረድ ያለ መሰለኝ። ትከሻሽስ? ከወደቅሽ ወዲህ ከደረትሽ በላይ አልነሳ ያለው እጅሽ ትንሽ ተሻለው? እኔ ደህና ነኝ፤ ደህና ከተባለ።

እንግዲህ ረታሁ። አባቴ ሲሞት ቤቱ ለሁለት ተከፍሎ አንቺ በወንድሜ በኩል ስትቀሪ፣ በመሀል ያለው በር ለእኔ መግቢያ እንዲሆን ነበር የተስማማነው። ወንድሜ ቆለፈብኝ። ከሰስኩት። ፍርድ ቤቱም በሩ ይከፈት፣ ልጅቱ እናቷን ትጠይቅ ብሎ አዘዘ። እሱ ቁልፉን አምጥቶ አስረከበ፤ ስመጣ ግን በሩ ከውስጥ ተቀርቅሯል። ብደበድብ፣ ብጣራ፣ ምንም። "በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ፣ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ" እያልኩ ስንገበገብ ሰንብቼ፣ ትእዛዝ ጥሷል ብዬ ዳግም አመለከትኩ።

ችሎት ፊት እንዴት እንደቆመ ባየሽው። ዳኛዋ መቀርቀሪያውን ማን እንደገጠመው ጠየቁት። እኔ ነኝ አለ። ማን እንደሚቀረቅረው ሲጠይቁት ግን ያንኑ፣ የገጠምኩት እኔ ነኝ አለ። ነገሩ ፍርድ ቤት መድፈር እንደሆነ አስጠንቅቀው ደገሙለት፤ እኔው ነኝ፣ ሌላ ሰው አትጠይቁ አለ። አንድ ወር ፈረዱበት። ፖሊስ ይዞት ሲወጣ፣ አልዋሽሽም፣ አንጀቴ ቅቤ ጠጣ።

ከዚያ የፍርድ አፈጻጸም ሠራተኛው አናጢ ይዞ መጣ፤ በወንድሜ በር ዞረን ገባን። አልጋሽ ጫፍ ላይ ተቀምጠሽ ነበር። እኔን ቀና ብለሽም አላየሽኝ። ሠራተኛውን ግን ልጄን መቼ ነው የምትፈቱልኝ ብለሽ ጠየቅሽው። እኔስ የማን ልጅ ነኝ፣ እማዬ? አጠገቡ ቆሜ ነበር እኮ።

ወንድሜ በር ገጣሚ ነው፤ ሥራውን ታውቂዋለሽ። ልጆቹ እንዳይደርሱበት ብሎ የቤቱን መቀርቀሪያ ሁሉ በራሱ ቁመት ልክ ነው የሰቀለው፤ ሚስቱ እንኳ በርጩማ ላይ ወጥታ ነው የምትከፍተው። ይኼኛውን ግን ዝቅ አድርጎ፣ ከአልጋሽ ብድግ ስትይ እጅሽ የሚያርፍበት ቦታ ላይ ገጥሞታል። አናጢው ሲፈታው፣ ይሄ ደግሞ ምን ዓይነት አገጣጠም ነው ብሎ ሳቀ። እኔ አልሳቅኩም።

ነገ ችሎት ቀርቤ ትእዛዙ ተፈጽሟል፣ ወንድሜን ፍቱልኝ እላለሁ። ሌላ አልናገርም። እሱ ታስሮ ያልተናገረውን እኔ ምን ቆርጦኝ! ጩኸቴ እንደሚያደክምሽ ብትነግሪኝ ግን ቀስ ብዬ አወራ ነበር።

በሩ አሁን ገፋ ቢያደርጉት ይከፈታል። እኔ ግን ይህን ወረቀት በስሩ ነው የማሾልክልሽ። መቀርቀሪያውንም በጨርቅ ጠቅልዬ ደጃፉ ላይ አስቀምጬልሻለሁ። ልጅሽ ሲፈታ መልሶ ይግጠምልሽ፤ ቦታው አይጠፋውም፣ የድሮው ቀዳዳ አለ።

ሳሉን ይንቀልልሽ፣ ትከሻሽን ይጠግንልሽ፣ ከልጅሽ ጋር በሰላም ያኑርሽ።

ከግድግዳው ወዲህ ያለችው
ሴት ልጅሽ