የጎባው ገንፎ

ጥቅምት 4
ከቢሮ ስወጣ ባጃጅ ጠፋ፤ በጋሪ ገባሁ። የሮቤ ብርድ ዘንድሮ አይጣል ነው። እማዬ ደጅ ተቀምጣ ስንዴ ትለቅማለች። ከእስር ከወጣች ሁለት ዓመት ሞላት። ዛሬ ሳቀች... ምን እንዳሳቃት አልጠየቅኩም።

ጥቅምት 9
ቢሮ ሁሉም ስልኩ ላይ ተደፍቷል። አንድ የዩቲዩብ ልጅ «የጎባው ገንፎ» እያለ በተከታታይ ያቀርባል። የዛሬ ሃያ ዓመት ጎባ ላይ ባሏን ገንፎ ውስጥ የተባይ መድኃኒት ጨምራ ገደለች የተባለች ሴት... ጁሀራ። እናቴ። ሟቹ አባቴ።
አጠገቤ የሚቀመጠው ሻፊ አያውቅም። «ቅቤ አብዝታበት ነው አሉ፣ ሽታው እንዳይታወቅ» አለኝ። ሻይ ልጠጣ ብዬ ወጣሁ።

ጥቅምት 15
አወቁ። የዩቲዩቡ ሦስተኛ ክፍል ላይ የቤታችን በር ወጣ። ባጃጆች ቆም እያሉ ፎቶ ያነሳሉ። ምኑ ነው እንዲህ የጣማቸው? አሥራ ስምንት ዓመት ሙሉ እስር ቤት ሆና «አላደረግኩም» ስትል ዞር ብሎ ያያት አልነበረም። አሁን አገሩ ሁሉ ዳኛ። ጠላኋቸው።

ጥቅምት 21
ጎረቤታችን ኦቦ ጉሉማ አረፉ። እማዬ ወጧን በድስት ይዛ ለቅሶ ቤት ሄድን። የእድሩ ሴቶች አለቃ ቢፍቱ በር ላይ ጠበቀችን።
«አዴ ጁሀራ፣ ደክሞዎታል፤ እርስዎ እንጨት ብቻ ያቀብሉን።»
ውሃ እንኳ አላስነኳትም። ድስቱ ሳይከፈት ቀረ። እማዬ እንጨት አቀበለች። እኔ አልቻልኩም... አላህን አትፈሪም ወይ ብዬ ቢፍቱን አፌ እንዳመጣ ተናገርኳት። ጠጋ ብላ በጆሮዬ፣ «አንቺስ፣ ዙሀይራ? ከእጇ ትበያለሽ?» አለችኝ።
በየቀኑ አልኳት።
ዋሸሁ። ከወጣች ጀምሮ የማበስለው እኔ ነኝ። አንቺ እረፊ እያልኩ።

ጥቅምት 27
ከሥራ ስገባ ገንፎ ሠርታ ጠበቀችኝ። የሞት ሞቷን ደፍራ ይሆናል፣ ወይ ልትፈትነኝ... እንጃ። «ቢስሚላህ በይ» አለች። ቢሮ በልቻለሁ አልኳት። ምሳም አልበላሁም ነበር።
«አንቺም?» አለችኝ።
ብቻዋን በላች።

ጥቅምት 28
እማዬ ሲናና ወረዳ ያለችው እህቷ ዘንድ ልሂድ አለች። አትሂጂ ማለት ነበረብኝ። መናኸሪያ ሸኘኋት፤ አላለቀሰችም።
ቤት ስመለስ ገንፎው ግማሹ ተከድኖ ተቀምጧል። ለኔ ትታው ነው። ከዚያው ሳህን እያየኋት በልታለች፣ ምንም አልሆነችም... አውቃለሁ።
ደፋሁት። ለድመቷ እንኳ አልሰጠሁም።