ለወንድሜ የፈረምኩት

ጥቅምት 3
ዛሬ ሥልጠና ተባልን። አሥር ካርድ ታደለን... ቤተሰብ፣ እውነት፣ ክብር፣ ምቾት፣ ሌላም ሌላም። «የሚበልጥባችሁን አስቀድሙ» አለ አሠልጣኙ። እውነትን አንደኛ አደረግኩ፤ ሳላመነታ። አብራኝ ዓይን የምትመረምረው ጓደኛዬ ሳቀችብኝ። «አንቺ ደግሞ! ጻድቅ ነሽ እንዴ?» እሷ ያስቀደመችው ቤተሰብን ነው።
ከሰዓት በኋላ ዓይን የምንመረምርበት የፊደል ሰሌዳ በአዲስ ተቀየረ። የድሮው ወይቦ ነበር።

ጥቅምት 7
ጋሼ መንጃ ፈቃዱን ለማሳደስ ዓይኑን ሊመረመር መጣ። ያሳደገኝ ታላቅ ወንድሜ፣ የተማሪዎች አውቶቡስ ሹፌር። እኔ ጋ ተሰለፈ፤ ታዲያ ማን ጋ ይሰለፍ?
አንድ ዓይኑን ሸፈንኩለት። ፊደሎቹን እየተንደረደረ እስከ ታችኛው መስመር ጠራቸው። አንድም ሳይሳሳት... የድሮውን ሰሌዳ! ባለፈው ጊዜ ሸምድዶት ኖሯል። ግድግዳው ላይ ያለው ሌላ መሆኑን እንኳ አላየም።
«አለፍኩ አይደል፣ እቴ?»
«አለፍክ፣ ጋሼ።»
ዓይኔን ሳላሽ ፈረምኩ።

ጥቅምት 8
«እውነት» የሚለውን ካርድ ከላይ ያስቀመጠው የማን እጅ ነው?

ጥቅምት 10
ጠዋት መንገድ ዳር ቆሜ ሳለ የጋሼ አውቶቡስ መጣ። እጄን አወዛወዝኩለት። ፊት ለፊቱ ነበርኩ... አላየኝም። ከኋላ መስኮት አንዲት ትንሽ ልጅ እጇን አውለበለበችልኝ።
ፈራሁ። በጣም ፈራሁ።

ጥቅምት 11
አለቃዬ ቢሮ ገባሁ። የጋሼ ወረቀት ይሰረዝ አልኩ። አያይም።
«ታዲያ ለምን ፈረምሽ?»
«ወንድሜ ነው።»
ወረቀቱን ሰረዘች፤ ለእኔም ማስጠንቀቂያ ጻፈችልኝ። ይገባኛል።
ከሌላ ሰው ከሚሰማው ከእኔ ይስማው ብዬ ጋሼ ቤት ሄድኩ። እስክጨርስ ሰማኝ።
«ለአንቺ ያላደረግኩልሽ ምን አለ?»
ምንም። ሁሉንም አድርጎልኛል።
«ልጆቹን እኮ በየስማቸው ነው የማውቃቸው! ቀስ ብዬ ነው የምነዳው!»
«ታያቸዋለህ ወይ፣ ጋሼ?»
ተነስቶ በሩን ከፈተልኝ።

ጥቅምት 25
ሁለት ሳምንት ሙሉ ስልኬን አላነሳም። ዛሬ ለሕክምና ብሎ መጣ። እኔ ጋ ወረፋ አልነበረም። እሱ ግን ሄዶ ጓደኛዬ ጋ ከሚጠብቁት ሰባት ሰዎች ኋላ ተቀመጠ።
ተራው ሲደርስ ከመጋረጃው ወዲያ ሰማሁት።
«ሁለተኛው መስመር ላይ ምን ይታይዎታል?»
«ጭጋግ ነው ልጄ። ምንም አይታየኝም።»
ኮራሁበት። እንባዬም መጣ።
የምርመራ ወረቀቱን ይዞ ወጣ። በአጠገቤ ሲያልፍ «ጋሼ» አልኩት። ደግሜ «ጋሼ» አልኩት። ዝም ብሎኝ ሄደ።
አላየኝም እንዳልል... ጆሮው ደህና ነው።